ከፋብሪካው በር የወጡት ሴቶች

ዛሬ ስለ ፊልም ልጽፍ ነው። «ሀገር በስንት ነገር ተወጥራ ሳለ ፊልም ምን ይሠራልሃል?» የምትሉኝ እንደማትጠፉ አውቃለሁ። ታገሡኝ፤ ነገሩ ከወጥ ድስት ይነሳና ወደ ፋብሪካ ይሄዳል። («ዓ.ም.» ካላልኩ በቀር የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው።)

እዚህ ሎስ አንጀለስ፣ ፌርፋክስ ጎዳና ላይ ከኦሎምፒክ ዝቅ ብሎ ያለው ሠፈራችን በከተማው ምክር ቤት «ትንሿ ኢትዮጵያ» ተብሎ የተሰየመው በ2002 ነበር። ሃያኛው ዓመት ሲቃረብ ወዳጆቼ «አንተ ካሜራ አለህ፤ አንድ አጭር ነገር ሥራልን» አሉኝ። ሦስት ቀን ሙሉ ስዞር ከረምኩ። ሁላችንም የምናውቀውን አነሳሁ፤ ረከቦቱን፣ የዕጣኑን ጢስ፣ ጉርሻውን፣ የሀገር ልብስ የለበሱትን ሕፃናት፣ የመንገዱን ምልክት። አሥራ ሁለት ደቂቃ የምትሆን ፊልም ወጣችው፤ አንድ ምሽት በአንድ ምግብ ቤት ግድግዳ ላይ ታየች፤ ተጨበጨበልኝ። ልወጣ ስል የቤቱ ወጥ ሠሪ ከጓዳ በኩል ጠሩኝ። እኔም እንደ ሠፈሩ ሰው «እትዬ» ነው የምላቸው። እጃቸውን በሽርጣቸው እየጠረጉ፣ «ልጄ፣ ጥሩ ሠርተሃል። ወጡ አለ፤ እንጀራው አለ፤ በላተኛውም አለ። የሠራው ሰው ብቻ ነው የጠፋው» አሉኝ። አፈርኩ። «ነገ መጥቼ እርስዎን ከነድስትዎ አነሳለሁ» ስላቸው ደግሞ ዓይናቸው ፈጠጠ። «በዚህ ሽርጥ? በዚህ ሻሽ? ምነው፣ ምን በደልኩህ!»

እነዚህ ሁለት ንግግሮች አብረው አይሄዱም። አንዱ «ለምን አላሳየኸኝም» ይላል፤ ሌላው «እንዳታሳየኝ» ይላል። ሁለቱንም ይዤ ወደ ሲኒማ መጀመሪያ ተመለስኩ። ሲኒማና ሴት ሠራተኛ የተገናኙት ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ ስለሆነ፣ ነገሩን ከዚያ ማየት ይሻላል ብዬ ነው። ደግሞም ፌርፋክስ ለእንዲህ ያለ ጥያቄ የሚመች ጎዳና ነው። ከምግብ ቤቶቻችን ወደ ሰሜን ሩብ ሰዓት ያህል በእግር ቢኬድ የዊልሸር ማዕዘን ላይ በ2021 የተከፈተው የአካዳሚው የፊልም ሙዚየም ይገኛል። እሱን አልፎ እዚያው ጎዳና ላይ ደግሞ በ1942 ድምፅ አልባ ፊልሞችን ብቻ ለማሳየት የተከፈተው ትንሽ ሲኒማ ቤት አለ። ድምፅ ያለው ፊልም ዓለምን ካጥለቀለቀ ከአሥር ዓመት በላይ ሆኖት ሳለ መሆኑ ነው። እብደትም ፍቅርም ሊባል ይችላል።

የሉሚየር ወንድማማቾች ታኅሣሥ 28 ቀን 1895 ፓሪስ ላይ ለከፋይ ተመልካች ካሳዩዋቸው አጫጭር ፊልሞች አንዱ የራሳቸውን ፋብሪካ ሠራተኞች የሚያሳየው ነው። ቦታው ሊዮን ነው። በር ይከፈታል፤ ሠራተኞች ይወጣሉ፤ አንድ ደቂቃ ሳይሞላ ያልቃል። አብዛኞቹ ሴቶች ናቸው። ረጅም ቀሚስ ለብሰዋል፣ ባርኔጣ አድርገዋል፣ አንዳንዶቹ ይጎነታተላሉ፤ ውሻ ያልፋል፣ ብስክሌት ያልፋል። ፊልሙ ሦስት ቅጂ አለው፤ ተቀርጾ ተቀርጾ እንደገና የተቀረጸ ነው ማለት ነው። በአንደኛው ቅጂ ልብሳቸው የሥራ ቀን ልብስ አይመስልም። የእሑድ ልብስ ነው። እትዬ ቢያዩት «እነዚህስ ያውቁበታል» ይሉ ነበር።

እኔን የሚከነክነኝ ግን ፋብሪካው ነው። ምን ነበር የሚያመርተው? የፎቶግራፍ መስተዋት፤ ማለትም ምስል የሚያርፍበት፣ ኬሚካል የተቀባ መስተዋት። የሉሚየር ቤት ሀብት ከዚያ የመጣ ነው፤ ሲኒማም የተወለደው በዚያ ሀብት ነው። እንግዲህ እነዚያ ሴቶች የሌላው ዓለም ፊት የሚታይበትን መስተዋት ቀን ከሌት እየሠሩ፣ ካሜራው ወደ እነሱ በዞረ ጊዜ እጃቸው አልታየም። የታየው መውጣታቸው ነው። ጀርመናዊው የፊልም ሰው ሐሩን ፋሮኪ በ1995፣ የሲኒማ መቶኛ ዓመት ሲከበር፣ ከዚያች ፊልም ተነስቶ በየዘመኑ ከፋብሪካ የሚወጡ ሠራተኞችን የሚያሳዩ ትዕይንቶችን ሰብስቦ ነበር። ካሜራ ከሥራው ይልቅ የሥራውን ማብቂያ እንደሚወድ ያን ጊዜ ነው የገባኝ።

በቋንቋችን ፎቶ «ይነሳል»፤ ድንጋይም «ይነሳል»። አንድ ግሥ ነው። በእኛ ፊልሞች ውስጥ ድንጋዩን የምታነሳው ሴት ስትነሳ ያየሁት ጥቂት ጊዜ ነው። «ከባድ ኢንዱስትሪ» የሚለውን ቃል ደግሞ አስቡት። በአብዮቱ ዘመን የሶሻሊዝምን ትምህርት የቀመስን ሁሉ ከቀላል ኢንዱስትሪ ለይተን እንድናውቀው ተደርገናል። ብረት ማቅለጥ ከባድ፣ ክር መፍተል ቀላል። ክብደቱ የሚለካው በማሽኑና በምርቱ ነው፤ በተሸካሚው ጀርባ ለክቶት የሚያውቅ የለም።

ለነገሩ ወደ ውስጥ የገባም ካሜራ ነበር። በ1904 ጸደይ ቢሊ ቢትዘር የተባለው የካሜራ ሰው (በኋላ ከግሪፊት ጋር በመሥራት ስም ያወጣው) ፒትስበርግ አካባቢ ባሉት የዌስቲንግሃውስ ፋብሪካዎች ገብቶ ተከታታይ ፊልሞች አነሳ። ሃያ አንዱ ዛሬም በአሜሪካ ኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት አሉ። ከጣሪያ ሥር በሚሄድ ክሬን ላይ ካሜራ ጭኖ የአዳራሹን ርዝመት ያሳየናል፤ ኩባንያው ራሱ ከሚነግድበት የሜርኩሪ መብራት ጋር። ያ ትልቅ ብረት፣ ያ እሳት፣ የወንዶች ነው። ሴቶቹ በሌላ ክፍል ናቸው። በአንደኛው ፊልም ተሰልፈው የሥራ ሰዓት መቆጣጠሪያቸውን ይቀበላሉ፤ በሌላው የመዳብ ሽቦ ይጠመጥማሉ። «አርማቸር የሚጠመጥሙ ልጃገረዶች» ነው ርእሱ። (የእኛ ግንበኛ «አርማታ» የሚለው ቃል የዚህ ቃል የሥጋ ዘመድ ነው፤ አንዱ በእንግሊዝኛ፣ አንዱ በጣሊያንኛ በኩል መጣ እንጂ።) አጎንብሰዋል፤ እጃቸው ይፈጥናል፤ በመካከላቸው አንድ ወንድ አለቃ ይንጎራደዳል። ያለ እነሱ ሽቦ ያ ሁሉ ሞተር አንድ ዙር አይዞርም።

እዚህ ላይ ጠንቀቅ ማለት ያስፈልጋል። ቢትዘር ሴቶቹን ከነሥራቸው ስላሳየ ከሉሚየር ይበልጣል ልል ነበር። ግን ፊልሙ የተሠራው ለማን ነው? በዚያው ዓመት በሴንት ሉዊስ በተካሄደው የዓለም ትርዒት ላይ፣ ኩባንያው ባዘጋጀው አዳራሽ፣ ለኩባንያው ዝና እንዲታይ ነው። ሴቶቹ እዚያ ያሉት እንደ ጥሩ ማሽን ነው። ስማቸው የለም። ሉሚየር ቢያንስ በራሳቸው እግር ወደ ቤታቸው ሲሄዱ አሳይቷቸዋል።

በ1910 በእንግሊዝ ዊጋን ስለ አንድ የከሰል ማዕድን ሠራተኛ ውሎ የተሠራውን ፊልም ግን እወደዋለሁ። ወንዶቹ ወደ ጉድጓድ ይወርዳሉ፤ ሴቶቹ ከላይ ሆነው በሚሄድ ቀበቶ ላይ ከሰሉን ከድንጋይ ይለያሉ፣ ይገፋሉ፣ ይጭናሉ። በዚያ ሀገር ሴት ከመሬት በታች እንዳትሠራ በ1842 በሕግ ተከልክሎ ስለነበር ነው ከላይ የቀሩት። ፊታቸው በጥላሸት ተለውሷል፤ ካሜራውን አይተው ይስቃሉ። ሳቃቸው ማንም ያዘዘው አይመስልም። ፊልሙ የሚያልቀው ደግሞ አንድ የተደላደለ ቤተሰብ እሳት ዳር ተቀምጦ ሲሞቅ ነው። ፊልም ሠሪው ይህን ለወቀሳ ይሁን ለማስታወቂያ እንዳስገባው አያስታውቅም፤ እኔ ግን በጥላሸቱና በምንጣፉ መካከል ያለውን ርቀት ዓይኔ ላይ ጥሎብኝ ሄዷል።

ወደ ሀገራችን ልመለስ። ካሜራ ወደ ኢትዮጵያ የመጣው ምን ፍለጋ ነው? በ1930 የንግሥ በዓል ለማንሳት መጣ። በ1935 እና 36 የሙሶሊኒ የፊልም ተቋም ሉቼ የወረራውን «ድል» ለማሳየት መጣ። በ1973 ጆናታን ዲምብልቢ የወሎን ረሀብ ለእንግሊዝ ቴሌቪዥን አነሳ፤ በ1984 ደግሞ የቢቢሲ ካሜራ ኮረም ደረሰ። እነዚህ የኋለኞቹ ዓለምን ስለቀሰቀሱ አላማቸውም። ይሁን እንጂ የኢትዮጵያ ሴት በዓለም ፊት የቆመችው በዚህ መልክ ነው፦ የሞተ ልጅ ያቀፈች፣ እጇን የዘረጋች። ያቺ ሴት ከዚያ በፊት በነበሩት ዓመታት ውኃ ስትቀዳ፣ እንጨት ስትለቅም፣ ስትፈጭ፣ ስታርም፣ ስታጭድ እንደኖረች የሚነግረን ምስል የለም። ሥራዋን ሳያዩ ረሀቧን አዩ። ያ ምስል እዚህ ሀገር ትምህርት ቤት የገቡ ልጆቻችንን ስንት ዓመት እንዳሳደዳቸው ማንበብ የማያስፈልገው ወላጅ አለ?

እናቴ አቃቂ ከነበሩት የጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካዎች በአንዱ በፈትል ክፍል አሥራ ዘጠኝ ዓመት ሠርታለች። በሦስት ፈረቃ። በአንድ ሳምንት ሌሊት፣ በሌላው ቀን። ስትመጣ ጸጉሯ ላይ የጥጥ ብናኝ ይኖራል፤ እኔ ትንሽ ሆኜ ያረጀች ይመስለኝ ነበር። ከማሽኑ ጩኸት የተነሳ ጆሮዋ እየደከመ ሄዶ በመጨረሻ የምናናግራት ፊት ለፊት ቆመን ነበር። «ቀላል ኢንዱስትሪ» ማለት ይኼ ነው። ከዚያ ሁሉ ዘመን የቀረን ፎቶግራፍ አንድ ነው፤ ፎቶ ቤት ገብታ፣ በጥልፍ ቀሚስ፣ ከፕላስቲክ አበባ ጎን። የፋብሪካው ሰማያዊ ካፖርት የለም። አንድ ጊዜ ለምን እንደሆነ ብጠይቃት «ማን ደስ ብሎት ሥራውን ያነሳል?» አለችኝ። ስለዚህ የእትዬን ነገር ስሰማ አዲስ አልሆነብኝም፤ ሰምቼው ረስቼው ነበር እንጂ።

የእኛ ፊልም ሠሪዎችስ? የመጀመሪያው ረጅም የአማርኛ ፊልም «ሂሩት አባቷ ማነው» ነው። ርእሱ ስለ አንዲት ሴት የጠየቀው የመጀመሪያ ጥያቄ ስለ አባቷ ነው። ከ1990ዎቹ ዓ.ም. ወዲህ አዲስ አበባን ያጥለቀለቁትን የፍቅርና የቀልድ ፊልሞች ብዙዎቻችን በቪሲዲ፣ በኋላም በኢንተርኔት ተከታትለናቸዋል። ሀብታሙ ልጅ፣ ድሃዋ ልጅ፣ ቪላው፣ መኪናው። በእነዚሁ ዓመታት ከተማዋ ራሷ እየተገነባች ነበር፤ ኮንዶሚኒየሙ፣ ፎቁ፣ መንገዱ። በባሕር ዛፍ መወጣጫ ላይ ሲሚንቶና አሸዋ ተሸክመው የሚወጡት፣ ድንጋዩን በባሬላ ሁለት ሆነው የሚያመላልሱት፣ ነጠላቸውን አንገታቸው ላይ ጠምጥመው ማልታ የሚያቀብሉት ብዙዎቹ ሴቶች ናቸው። ሀገር ቤት የሄደ ሁሉ አይቷቸዋል። በፊልሞቹ ውስጥ ግን እኔ ያየኋቸው፣ ጀግናው መኪናውን አቁሞ ስልክ ሲያናግር ከኋላው ሲያልፉ ነው። የምትሸከመዋ ሴት በገዛ ከተማዋ ፊልም ውስጥ ከሉሚየር ውሻ ያልበለጠ ቦታ አላት። ይህን ስል ምርር ብሎኝ ነው።

ኃይሌ ገሪማን ሳላነሳ ባልፍ ግን ግፍ ይሆንብኛል። በዚሁ ከተማ፣ በዩሲኤልኤ ተምሮ፣ በ1974 ሀገሩ ገብቶ «ምርት ሦስት ሺ»ን በጥቁርና ነጭ አነሳ። ፊልሙ ሁለት ሰዓት ተኩል ይረዝማል፤ ብዙ ሰው «ይጎተታል» ይላል። መጎተቱ ነው ቁም ነገሩ። የገበሬው ቤተሰብ ሲሠራ ካሜራው አይቸኩልም፤ ሥራው የሚፈጀውን ጊዜ ያህል ይቆያል። ባለርስቱ ተቀምጦ ይጮኻል፤ ሌላው ሁሉ ይሠራል። ከብት የምትጠብቀው ልጅ ሥራ ላይ እንዳለች በጎርፍ ትሞታለች። ዊጋንም ፒትስበርግም ያልሰጡን ነገር እዚህ አለ፤ የሠራተኛዋ ሕልም። ልጅቱ ከብቷን ብቻ አትጠብቅም፤ ታስባለች፣ ታልማለች። «ሳንኮፋ» (1993) ውስጥ ደግሞ የሸንኮራ እርሻውን አይተናል፤ ሴቶቹ ከወንዶቹ እኩል ሲቆርጡ፣ እኩል ሲገረፉ፣ በመጨረሻም በዚያው የሥራ መሣሪያ ሲያምፁ። እርሻ ነው ብሎ ከኢንዱስትሪ ውጭ የሚያደርገው ካለ፣ ሸንኮራው ወዴት እንደሚሄድና የማንን ካፒታል እንደገነባ ይጠይቅ።

ሁሉንም እንዳለ ግን አልቀበልም። በኃይሌ ፊልሞች ሴት አንዳንዴ ሀገር ትሆናለች፣ አንዳንዴ ታሪክ ትሆናለች፤ ምሳሌነቱ ሲከብድ ሰውየዋ ትጠፋለች። ዋትስ ውስጥ የሠራት «ቡሽ ማማ» ለእኔ የምትበልጠው ለዚህ ነው። ዶሮቲ ፋብሪካም እርሻም የላትም። ሥራዋ የድጎማ ቢሮ ወረፋ መጠበቅ ነው፤ ባሏ እስር ቤት፣ ሆዷ ውስጥ ልጅ፣ በሩ ላይ ፖሊስ። ሥራ የተነፈገች ሴት የምትሸከመውን ሸክም እንዲህ ያሳየ ፊልም ጥቂት ነው። የአካዳሚው ሙዚየም በ2021 ሲከፈት ኃይሌን ሸልሞ፣ ፊልሞቹን ደርድሮ አሳየ። ከትንሿ ኢትዮጵያ ሩብ ሰዓት መንገድ ላይ። የሠፈራችን ሰው ስንቱ ሄዶ እንዳየ አልናገርም፤ እርስ በርሳችን እንተዋወቃለን።

እትዬ ላስቀመጡብኝ እንቆቅልሽ የተሻለውን መልስ ያገኘሁት ግን ከአንድ የአሜሪካ ዘጋቢ ፊልም ነው። ኮኒ ፊልድ በ1980 በሠራችው ፊልም በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ በመርከብ፣ በአውሮፕላንና በብረት ማቅለጫ ፋብሪካዎች የሠሩ አምስት ሴቶች ይናገራሉ፤ ሦስቱ ጥቁሮች ናቸው። አርጅተዋል፤ ደህና ለብሰው ተቀምጠዋል። መንግሥት ያኔ ያሠራው ቅስቀሳ ፊልም ይታያል፤ ሴቶቹ ሊፕስቲክ ተቀብተው እየሳቁ ብረት ይበይዳሉ። ከዚያ አምስቱ እውነቱን ይነግሩናል፤ ክፍያውን፣ የዘር መድልዎውን፣ ጦርነቱ ሲያልቅ እንዴት እንደተባረሩ። ማንም በሽርጥ አላስቀመጣቸውም። ሥራው ግን ከነክብደቱ አለ፤ በአፋቸው።

በቅርቡ፣ በ2024፣ ሺንያን ዩ እና ማክስ ደንከን ስለ ዱከሙ የቻይና ኢንዱስትሪ ዞን የሠሩት «ሜድ ኢን ኢትዮጵያ» ወጣ፤ ከፕሮዲውሰሮቹ አንዷ የእኛዋ ታማራ ዳዊት ናት። ሦስት ሴቶችን ይከተላል፤ አንዲት ቻይናዊት ሥራ አስኪያጅ፣ አንዲት የፋብሪካ ሠራተኛ፣ መሬቷ የሚወሰድባት አንዲት ገበሬ። በሩን አልፎ ገብቷል፤ ማደሪያ ክፍሏም ድረስ ሄዷል። ቅሬታዬ ሥራ አስኪያጇ ከሌሎቹ ሁለት ይልቅ ብዙ መናገሯ ነው። ያም ሆኖ በ2016 የሐዋሳው ፓርክ ሲመረቅ የተደገሰልንን የሪባን መቁረጥ ምስል አስታውሱ። በ2019 የወጣ የኒውዮርክ ዩኒቨርሲቲ ጥናት የዚያ ዘርፍ መነሻ ደመወዝ በወር 26 ዶላር ነው አለ፤ በ2022 መጀመሪያ ደግሞ አሜሪካ የአጎዋን ዕድል አነሳች። እኛ ዲያስፖራዎች ያን ሰሞን ለሁለት ተከፍለን ስንሟገት፣ ከእነዚያ ልጃገረዶች የአንዷን ድምፅ በየመድረካችን እንደሰማን አላስታውስም። እኔም ከተሟጋቾቹ አንዱ ነበርኩ።

ባለፈው ወር እትዬ ዘንድ ተመለስኩ። ይህን ሁሉ አላወራኋቸውም፤ «እንዴት ብነሳ ይሻላል ይላሉ?» ብቻ አልኳቸው። ትንሽ አሰቡ። «ስወጣ አንሳኝ። ልብሴን ቀይሬ።» ስለዚህ በተባልኩት ሌሊት ከኋላ በር፣ ከቆሻሻ ገንዳው አጠገብ ካሜራዬን ተክዬ ቆምኩ። ከ130 ዓመት በኋላ ሉሚየር በቆመበት ቦታ መሆኔ ነው፤ ብቻዬን ሳቅሁ። አምስት ሰዓት ተኩል ላይ በሩ ተከፈተ። አራት ሴቶች ወጡ። እትዬ በስተኋላ፣ በነጭ ነጠላ፣ ቦርሳ ይዘው፤ ወደ እኔ አላዩም። አንደኛዋ ልጅ ግን መሳቋን መያዝ አቅቷት ፊቷን በእጇ ሸፈነች። አርባ ሰከንድ ቢሆን ነው።

መኪና ውስጥ ከገቡ በኋላ መስኮቱን ዝቅ አድርገው ቁልፉን አቀበሉኝ። «አሁን ግባና ድስቶቹን አንሳ። እኔ የለሁበትም።»

ገባሁ። ድስቶቹ ታጥበው ተደፍተዋል። ምድጃው ገና ይሞቃል። ሁሉንም በየተራ አነሳኋቸው፤ ትልቁን ግን ለብርሃኑ ወደ በሩ ላስጠጋው ብዬ ጆሮውን ብይዝ፣ ባዶውን፣ ከመሬት አልነሳ አለኝ።